ሊቀ ካዝናት ጥጋቡ

ሐበሻ ተሰባስቦ በሚኖርበት ከተማ ሁሉ አንድ ፈቺ አይጠፋም። ሕልም ፈቺ አይደለም፤ ዕቃ ፈቺ ነው። ቤትህ በእንግድነት ይመጣል፤ ካፖርቱን ሳያወልቅ የበርህን እጀታ ወዝወዝ ያደርግና «ይሄ ነገር መቼ ነው የተፈታው?» ይልሃል። ተፈትቶ እንደማያውቅ ስትነግረው፣ ዘመድህን ሳትቀብር የቀረህ ይመስል በሐዘን ያይሃል። ምግብ ሳይቀርብ መፍቻው ከኪሱ ይወጣል። ማታ ስትሸኘው በርህ ድምፅ ሳያሰማ ይዘጋል፤ አንተ ግን ተናድደሃል።

የዙሪኩ ፈቺ ጥጋቡ ይባላል። ዜባህ በሚባል ሰፈር አንዲት ጠባብ አፓርታማ ተከራይቶ ይኖራል፤ ሥራው ሊፍት መጠገን ነው። የወይንሐረግ የምትባል ልጅ የተዋወቀችው አድሊስቪል በተደረገ ሰርግ ላይ ነበር። እሱ ሚዜ ነው። ኬክ ሊቆረስ ሲል ሚዜው ጠፋ። እሷ ውሃ ልትቀዳ ወጥ ቤት ብትገባ፣ ከረባቱን ወደ ትከሻው ወርውሮ የሚያንጠባጥበውን ቧንቧ ፈታትቶታል። ማን እንደሆነች እንኳ ሳይጠይቅ «ያዢልኝ» ብሎ አንዲት እርጥብ ጎማ መዳፏ ላይ አስቀመጠ። ጎማዋን እንደያዘች ቀረች።

እሷ ጄኔቫ ነው የምትኖረው። በአንድ ዲፕሎማት ቤት ልጆች ትይዛለች፣ ታበስላለች፣ የማዳምን ቀሚሶች ትተኩሳለች። በእረፍቷ ቀን ባቡር ተሳፍራ ዙሪክ ትሄዳለች፤ በሌላው ቀን በስልክ ነው። ታዲያ አንድ ምሽት ሲያወሩ ጥጋቡ «በይ ደህና እደሪ፣ ካዝናዬን ላጽዳ» ብሎ ስልኩን ዘጋ።

ይህንን ለጓደኛዋ ለአገሪቱ ነገረቻት። አገሪቱም ጄኔቫ ሰው ቤት የምትሠራ ናት፤ የወይንሐረግ ዙሪክ በማትሄድበት እሑድ ፕላንፓሌ ሜዳ ላይ አሮጌ ዕቃ እያገላበጡ ሲያወሩ ይውላሉ።

«ካዝና አለው?» አለች አገሪቱ፣ የያዘችውን ድስት አስቀምጣ። «አንቺ፣ አጥብቀሽ ያዢው እንጂ!»

የወይንሐረግ በሚቀጥለው ሳምንት ስትሄድ ያየችው ካዝና የገንዘብ አልነበረም። ከጠመንጃ ሆድ ሥር የሚሰካው፣ ጥይት የሚጎርሰው ካዝና ነው። ጥጋቡ የስዊስ ዜግነት ካገኘ በኋላ የውትድርና ሥልጠናውን ሲጨርስ፣ በዚያ አገር ደንብ መሠረት ጠመንጃውን ይዞ ቤቱ ገብቷል። በየዓመቱ ተኩስ መለማመድ ስላለበትም የሰፈሩ ተኳሾች ማኅበር አባል ሆኗል። ሌላው ሰው ጠመንጃውን ይወዳል። ጥጋቡ ልቡ የወደቀው ካዝናው ላይ ነው።

ጠረጴዛው ላይ አሮጌ አንሶላ ዘረጋ። በአውራ ጣቱ ሞላውን ጫን አድርጎ የካዝናውን የታች ክዳን ሸርተት አደረገ፤ ረጅሙን ሞላ ቀስ ብሎ ሳበው፤ ጥይቱን ወደ ላይ የሚገፋውን ፕላስቲክ አወጣ። ማዕዘኖቹን በብሩሽ ጠራረገ፣ ውስጡን በደረቅ ጨርቅ ወለወለ፣ ወደ መብራቱ አንስቶ አየ፣ እንደገና ወለወለ።

«ውስጡ ዘይት አይነካውም» አላት። «ዘይት አቧራ ይይዛል፣ አቧራው ጭቃ ይሆናል፣ ጥይቱ አልወጣም ይላል። ሰው ይሄንን ነግሮሽ ያውቃል?»

«ኧረ ጥጌ፣ ማንም ነግሮኝ አያውቅም።»

እንዲያ አድርጎ እሷን አይቷት አያውቅም። ቅናቷ የጀመረው በዚያች ማታ ነው፤ መጀመሪያ የቀናችው በሞላ ነው።

ከዚያ የማኅበሩ አባላት ነገሩን ሰሙ። ኸር (አቶ እንደማለት) ኬለር የሚባሉት ጡረተኛ የራሳቸውን ካዝና ላኩ፤ ሲመለስላቸው ተኩሰው ተደነቁ፤ ለሌላው ነገሩ። በጥቂት ጊዜ ውስጥ የግማሹ ማኅበር ካዝና ጥጋቡ በር ላይ በከረጢት ይንጠለጠል ጀመር። ክቡርነታቸው ሊቀ ካዝናት ጥጋቡ (ስሙን ያወጣችው የወይንሐረግ ናት፤ ስትናደድ) አንዱንም አልመለሱም። ሐይቅ ዳር ሊሄዱ ለብሳ ስትጨርስ «አንዴ ይሄን ብቻ» ይላታል። አንዱ ሦስት ይወልዳል፤ ፀሐይዋ ትጠልቃለች።

ይህን ሁሉ ችላለች። አንድ ቅዳሜ ግን ከካዝናዎቹ መካከል ነጭ ፕላስተር የተለጠፈበት አየች። በፕላስተሩ ላይ፣ በጥጋቡ የእጅ ጽሑፍ፣ በአማርኛ፣ «ሕብስት» ይላል።

«ሕብስት ማናት?»

«የማኅበሩ አባል ናት» አለ፣ ቀና ሳይል። «ሞላዋ ደክሟል።»

«ምኗ?»

«ሞላዋ። አሸዋም ይገባባታል፣ ከየት እንደምታመጣው አላውቅም። በየሳምንቱ ነው የማጸዳላት።»

የወይንሐረግ ወጥ ቤት ገብታ ሽንኩርት መክተፍ ጀመረች፤ ሽንኩርቱ አበሳውን አየ። በየሳምንቱ! እሷ የሻንጣዋ ዚፕ ከተበላሸ ስንት ጊዜው፤ ዚፑን ዞር ብሎ አላየውም። የሕብስት ሞላ ግን ደክሟል።

ጄኔቫ ተመልሳም አልለቀቃትም። የማዳምን ቀሚስ ስትተኩስ ሕብስትን ታያለች። አንዴ ቀይ ናት፣ አንዴ ጠይም፤ ሁልጊዜ ግን ጣቶቿ ረጃጅም ናቸው። ጥጋቡ ሲደውል «ምን እየሠራህ ነው?» ትለዋለች፤ «ካዝና» ይላል፤ «የማን?» ትለዋለች። ያ የዋህ አንዱንም ሳይደብቅ ይቆጥርላታል፤ ከመሀሉ አንዷ ሕብስት ናት።

በዚህ መሀል ማዳም ጠራቻት። ባለቤቷ ወደ ብራስልስ ተዛውሯል፤ የወይንሐረግ አብራቸው ትሄድ እንደሆነ እስከ ሰኞ እንድትነግራት ትፈልጋለች። የመኖሪያ ካርዷ ከማዳም ቤት ጋር የታሰረ ነው። ካልሄደች ወይ ሌላ ዲፕሎማት መፈለግ አለባት፣ ወይ ደግሞ ጥጋቡ እስካሁን ያልተናገረውን ነገር መናገር አለበት።

«ከመወሰንሽ በፊት ሂጂና በዓይንሽ እዪው» አለቻት አገሪቱ። «ግን እንዳትነግሪው።»

ቅዳሜ ሳትነግረው ሄደች። ቤቱ የለም፤ የተኩስ ሜዳ ነው አሏት ጎረቤቶቹ። በአውቶቡስ ወጣች። ጥይቱ ከሩቅ ይሰማል፤ የልቧ ምት ግን ይብሳል።

ከመተኮሻው ቤት ኋላ፣ ዛፍ ሥር፣ ረጅም የእንጨት ጠረጴዛ አለ። ጥጋቡ ተቀምጧል። አጠገቡ አንዲት ቆንጆ ልጅ አለች፤ ሹሩባዋ ጀርባዋ ላይ ወርዷል፣ ጣቶቿም፣ የወይንሐረግ እንደፈራችው፣ ረጃጅም ናቸው። ጥጋቡ የልጅቷን አውራ ጣት ይዞ የካዝናዋ ክዳን ላይ ያስቀምጥላታል።

የወይንሐረግ ጄኔቫ ላይ ብዙ ንግግር አዘጋጅታ ነበር። አንዱም አልመጣላትም። ሄዳ በመሀከላቸው ተቀመጠች፤ አግዳሚው ጠባብ ስለሆነ ሁለቱም ተገፉ።

«ለእኔም አሳየኝ» አለች።

«ወይንዬ! መቼ መጣሽ?»

«ለእኔም አሳየኝ አልኩህ እኮ!»

መልስ ሳትጠብቅ ካዝናውን ቀማችው፤ ክዳኑን በኃይል ሳበች። ሞላው ተፈናጥሮ የጥጋቡን ግንባር መታና ከኋላው ያለው ረጅም ሣር ውስጥ ገባ። ኸር ኬለር ከነቡናቸው ዘወር አሉ። ጥጋቡ ግንባሩን ዳበሰ፤ እንደሚቆጣ ሁሉም ጠብቋል። እሱ ግን ተንበርክኮ ሣሩን መፈተሽ ጀመረ።

ሁለቱ ሴቶች ብቻቸውን ቀሩ።

«አንቺ ነሽ የወይንሐረግ?» አለች ልጅቷ። እዚያው ዙሪክ ተወልዳ ያደገች ስለሆነች አማርኛዋ ጥቂት ይሰናከላል። «ጎት ዛይ ዳንክ! ተመስገን! መጣሽ።»

«ምን ማለትሽ ነው?»

«እኔ በፊት ወድጄው ነበር። ኤርሊሽ፣ እውነት ነው የምነግርሽ። አሸዋው... እኔ ነኝ ያስገባሁት። እንዲያጸዳ፣ እንዲያወራኝ።»

የወይንሐረግ ጠረጴዛው ላይ ያለውን ብሩሽ ጨበጠች።

«ግን ምን አወራ?» አለች ሕብስት፣ ብሩሹን በዓይኗ እየተከታተለች። «ስለ ሞላ። ከዛ ስለ አንቺ። የወይንሐረግ እንደዚህ አለች፣ የወይንሐረግ ስትስቅ እንደዚህ ናት። ከዛ እንደገና ሞላ። አሸዋ ማስገባት ተውኩ። እሱ ግን አሁንም ካልፈታሁት ይላል!»

የወይንሐረግ ልቧ በደስታ ሞላ፤ ንዴቷ ግን ከቦታው አልተነቃነቀም። አሸዋ! ሆን ብላ!

«ስሚ ሕብስት» አለች። «ከዛሬ ጀምሮ ካዝናሽን የማጸዳው እኔ ነኝ። ለእኔ ነው የምታመጪው። ገብቶሻል?»

«ገብቶኛል» አለች ሕብስት፤ ሸክም የወረደላት ትመስል ነበር።

ጥጋቡ ሞላውን አግኝቶ፣ ጉልበቱ አረንጓዴ ሆኖ ተመለሰ። ሕብስት ቡና ላምጣ ብላ ሄደች። የወይንሐረግ ሌላ ቀን አልጠበቀችም፤ ስለ ብራስልስ እዚያው ነገረችው።

«እና ምን አልሻት?» አለ።

«ገና ምንም አላልኳትም። ሰኞ ነው የምመልሰው።»

ጥጋቡ ሞላው ላይ የተጣበቀውን ሣር አንድ በአንድ ለቀመ። ሲጨርስ ሌላ የሚለቅመው አጣ።

«እንዳትሄጂ» አለ። «ማዘጋጃ ቤት ሄጄ የጋብቻ ቀጠሮ ላስይዝ። እሺ ካልሽ ነው። ቆይቻለሁ፣ አውቃለሁ። እምቢ ብትዪኝ ምን እንደማደርግ ስላላወቅኩ ነው ያልጠየቅኩሽ።»

እሷ ዓይኗ እንባ አቅርሮ «እሺ» አለች።

«አውራ ጣትሽን ግን» አለ ጥጋቡ፣ «ክዳኑን ከመሳብሽ በፊት ሞላው ላይ ነው የምታሳርፊው።»

ሊቀ ካዝናቱን በዚያች ሰዓት የወደደችውን ያህል ወዳው አታውቅም።

ተጋቡ። የወይንሐረግ ዜባህ ገባች፤ ቃሏንም አላጠፈችም። የሕብስትን ካዝና ራሷ ፈታች፣ ራሷ ወለወለች፣ ራሷ ገጠመች፣ ራሷ አስረከበች። ባሏ በዚያ ካዝና አካባቢ ዝር እንዲል አልፈቀደችም። በቅናት የጀመረችው ነገር እጇ ላይ ቆየና ሙያ ሆነ። ፈጣን ናት፤ ንግግር ደግሞ አታበዛም።

አንድ ቀን ሁለቱም አንሶላው ላይ ጎንበስ ብለው ሲሠሩ ደወል ተደወለ። ጥጋቡ ከፈተ። ኸር ኬለር ናቸው፤ አዲስ ሸሚዝ ለብሰዋል፣ ከረጢት ይዘዋል። ጥጋቡ እጁን ዘረጋ። ሽማግሌው በትከሻው አሻግረው አዩ።

«ለፍራው የወይንሐረግ ነው» አሉ በትሕትና፤ ለወይዘሮዋ ማለታቸው ነው።

በሩ ከተዘጋ በኋላ ጥጋቡ ሥራውን ትቶ ቆሞ ቀረ።

«ይሄ ሰውዬ ለምንድነው ለአንቺ ብቻ የሚሰጠው?»

የወይንሐረግ ከረጢቱን ወደ ራሷ ሳበች።

«በዚህ ሳምንት ሁለተኛው እኮ ነው! ምን ቢሆንበት ነው ካዝናው እንዲህ የሚቆሽሸው?»

የኸር ኬለርን ካዝና ከከረጢቱ አወጣች፤ ወደ መብራቱ አንስታ አየችው፤ ንጹሕ ነበር። ከዚያም ባሏ እያያት ደረቁን ጨርቅ አንስታ፣ ቀስ ብላ፣ ከሚገባው በላይ ቀስ ብላ ትወለውለው ጀመር።