በሕይወት ላለች ሴት ለቅሶ ተቀመጥኩ

ወገኖቼ፣ ዛሬ ቤቴ ሰው ለቅሶ መጣ። ሟች ግን የለም!

ነገሩ እንዲህ ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ የማየው የዩቲዩብ ድራማ አለ፤ ስለ ሁለት አብሮ አደጎች። አንዷ ሊሊ ትባላለች። በየክፍሉ መጨረሻ ካሜራው ላይ አፍጥጣ «አንቺም ጓደኛዬ ነሽ፤ እሁድ እንዳትቀሪብኝ» ትላለች።

እኔም ቀርቼባት አላውቅም!

ትናንት እሁድ ገደሏት። መኪና ገጫት። ከቪዲዮው ሥር «ለሊሊ ሻማ አብሩ፣ ሰብስክራይብ አድርጉ» ይላል። አሥራ አንድ የሻማ ኢሞጂ ደረደርኩ።

ዛሬ ጠዋት ወደ ቂሊንጦ ፋብሪካችን በሚወስደን ሰርቪስ ውስጥ ትዝ አለችኝና እንባዬ ዱብ ዱብ። ወይንሸት አጠገቤ ናት፤ የስፌት ማሽኖቻችንም ጎን ለጎን ናቸው።

«ምነው?» አለችኝ።

«ጓደኛዬ ሞተችብኝ።»

ምን ላድርግ፣ ከአፌ አመለጠኝ!

«ድራማ ነው» ልል ስል ሰርቪሱ በሙሉ «እግዜር ያጥናሽ» አለኝ። ከዚያ በኋላ እንዴት ይባላል? እናንተስ ትሉ ነበር?

ከሥራ ስንወጣ ዘጠኝ ሰው ኮዬ ፈጬ፣ አራተኛ ፎቅ፣ ቤቴ ገባ። ወይንሸት ነጠላዋን አዘቅዝቃ፣ ሁለት እሽግ ውሃ ተሸክማ መጣች። ሊፍት የለንም እኮ!

ሱፐርቫይዘራችን ጋሽ ታደሰ በሐዘን ድምፅ «ልጅ ነበራት?» አሉኝ።

«ክፍል ሠላሳ ላይ አርግዛ ነበር» አልኩ።

ዘጠኙም ዞረው አዩኝ!

«እስቲ ፎቶዋን አሳዪኝ» አለች ወይንሸት። አሳየኋት።

«ይቺማ የፓስታ ማስታወቂያዋ ናት! ዛሬም በየቲቪው ስትጠቀልል ነው የዋለችው!»

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ጋሽ ታደሰ እንባቸውን በጋቢያቸው ጠረጉ። ወይንሸት ግን አልሳቀችም።

«ባለፈው ወር ታምሜ ስተኛ፣ እሁድ አይመቸኝም ያልሽኝ ለዚች ነው?»

በጣም አፈርኩ፣ እውነቴን ነው።

«እኔ የሌለኝን ምን እንዳላት አያለሁ» ብላ ወጣች።

ሰው ሲበተን ሁለቱን እሽግ ውሃ ተሸክሜ እሷ ብሎክ ሄድኩ። እሷ ደግሞ አምስተኛ ፎቅ ናት። አሁን በሯ ላይ ቆሜ ነው የምጽፍላችሁ። ሦስት ጊዜ አንኳኳሁ።

ከውስጥ የድራማው መግቢያ ሙዚቃ ይሰማል። ከክፍል አንድ ጀምራለች!

አሁን ማን ይክፈትልኝ?