ቅርስ የሆነው የጦጢት ቀልድ

ተረቴን ተቀበሉኝ፤ ነገ ግን ቀባብታችሁ የራሳችሁ አድርጋችሁ እንዳትመልሱልኝ። የዛሬው ተረት ራሱ የዚሁ ጣጣ ነውና።

ድሮ ድሮ፣ እንስሳት ከእኛ የባሱ ወሬኞች በነበሩበት ዘመን፣ በደጋና በቆላ መካከል በተዘረጋ አንድ ጫካ ውስጥ አንዲት ጦጣ ትኖር ነበር። ጦጢት ይሏታል። ጦጢት ማንንም ማስመሰል ትችላለች። አህያ ስታናፋ፣ ሰጎን አንገቱን ሲሰብቅ፣ ከርከሮ ሥር ሲቆፍር አንዴ ካየች ይበቃታል። የተቀለደበት ሁሉ ፊት ለፊት ይስቃል፣ ዞር ብሎ ይቆጣል፤ የሌላው ተራ ሲደርስ ደግሞ "አንቺ ጦጢት፣ እስቲ የእገሌን አድርጊልን" እያለ ይለምናታል። ከሁሉ ቀድማ የምትስቅላት ጓደኛዋ እትዬ ድኩላ ነበረች። ድኩላ ካልሳቀች ጦጢት ቀልዷን ከቀልድ አትቆጥረውም።

በዚያ ጫካ አንድ ልማድ ነበር። በጋ ሲገባና ወንዙ መጉደል ሲጀምር፣ እንስሳት ሁሉ ከመጠጣታቸው በፊት ዳር ላይ ቆመው አንድ የድሮ ግጥም ያዳምጣሉ። ማን እንደገጠመው የሚያውቅ የለም። ዝሆኖች ናቸው ይባላል፤ ዝሆኖቹ ግን አገር ለቀው ከሄዱ ቆይተዋል። በቃሏ ይዛ የቀረችው እማማ ኤሊ ብቻ ነበረች። እሷም አንገቷን ቀስ አድርጋ ታወጣና እንዲህ ትላለች፦

ወንዙ ሲከዳችሁ፣ አትውረዱ ቆላ፤
ዳገት ውጡ ልጆች፣ ውሃው ካለት ኋላ።
ግልገል ቀድሞ ይጠጣ፣ ኋላ ይቁም አንበሳ፤
የደካማን ጥማት፣ ጎበዝ እንዳይረሳ።

በቃ፣ ግጥሙ ይኸው ነው። ነገር ግን እማማ ኤሊ ቃሉን አንድ በአንድ እየጎተተች ስለምትለው፣ "ወንዙ" ብላ "ሲከዳችሁ" እስክትል ድረስ አያ ጎሽ ያንቀላፋል፣ ግልገሎቹ መራገጥ ይጀምራሉ። ደግሞስ ውሃው እዚያው ፊቱ እየፈሰሰ ስለ ውሃ መጥፋት መስማት ማንን ደስ ይለዋል?

አንድ ዓመት ጦጢትን አላስቻላትም። ግጥሙ አልቆ መጠጣት ሲጀመር፣ ግማሽ ቅል ጀርባዋ ላይ ደፍታ፣ በሆዷ እየተሳበች መጣች። አንገቷን መዘዝ፣ ዐይኗን ጭፍን አደረገችና በእማማ ኤሊ ድምፅ፣ በእማማ ኤሊ ዜማ እንዲህ አለች፦

ወንዙ ሲከዳችሁ፣ ሩጡ ወደ ቆላ፤
ጅብ ድግስ ደግሷል፣ እናንተን ሊበላ።

ጫካው በሳቅ ፈረሰ። ድኩላ መሬት ላይ ተንከባለለች። እመት አህያ የጠጣችው ውሃ በአፍንጫዋ ወጣ። "ድገሚው! በእናትሽ ድገሚው!" ተባለ። ደገመችው። ግልገሎቹም ያን ቀን እየዘለሉ ሲሉት ዋሉ።

እማማ ኤሊ ራሷ ፈገግ ብላ ነበር። ሁሉም ከተበተነ በኋላ ግን ጦጢትን ጠራቻት።

"ልጄ፣ ቅሏ አምራብሻለች። እኔንም አስቀሽኛል።"

"ይቅርታ እማማ፤ ለጨዋታ ብዬ ነው።"

"ጨዋታ አልጠላም። ግን የኔን ሲሰሙ ይተኛሉ፣ ያንቺን ሲሰሙ ይነቃሉ። እኔ ደግሞ ነገ የለሁም። ያን ጊዜ እውነተኛውን ትነግሪያቸዋለሽ?"

"ምን ችግር አለው እማማ? እኔ እኮ ሁለቱንም አውቃቸዋለሁ።"

"ማወቅሽንማ አላጣሁትም። የማያውቁትን አስመስሎ መቀለድ አይቻልም። ብቻ ቀልድና ቅዘን ቤት ያጠፋል ይባላል። አደራ።"

ጦጢት አደራውን ተቀበለች። ተቀብላም ረሳችው። አደራ መቼም በክፋት አይበላም፤ ነገ አደርሰዋለሁ እየተባለ ነው የሚበላው።

እማማ ኤሊ በክረምቱ ሞተች። ልማዱ እንዳይቀር ተብሎም "የጥንታዊ ግጥም ሸንጎ" የሚባል ነገር ተቋቋመ። ሰብሳቢ ሆኖ የተመረጠው አያ ጅቦ ነው። አያ ጅቦ ከቆላ የመጣ እንግዳ ነበር። ለምን እሱ ተመረጠ ቢባል፣ ድምፁ ሩቅ ይሰማል፤ ግጥም ደግሞ ድምፅ ይወዳል ተባለ። ጅብ የማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ ይላል የሚባለው እውነት ነው፤ እሱም አንጥፉልኝ አለ፣ ተነጠፈለት። የማን ቁርበት እንደሆነ የጠየቀ ግን አልነበረም።

"በሉ፣ የጥንቱን ግጥም የሚያውቅ ይነሳ" አለ አያ ጅቦ።

መጀመሪያ እመት አህያ ተነሳች። "ሣሩ ሲከዳችሁ፣ አትጫኑ አህያ..." ብላ ጀመረች።

"ተቀመጪ" አሏት። "ያንቺ ብሶት ነው እንጂ ግጥም አይደለም።"

ቀጥሎ መምህር ሰጎን ተነሳ። እሱ ያለውን እስከ ዛሬ የሚደግመው ስለሌለ እኔም አልደግመውም። ማንም አልገባውም። ያልገባው ሁሉ ያጨበጭብ ስለነበር ጭብጨባው ደማቅ ሆነ፤ ሰጎንም የሸንጎው ሊቅ ተብሎ ተሾመ።

ከዚያ ከኋላ በኩል አንድ የፍየል ግልገል "ወንዙ ሲከዳችሁ፣ ሩጡ ወደ ቆላ" ብላ አዜመች። ወዲያው ጫካው በሙሉ ተቀበላት። "ይኼ ነው! ይኼ ነው የድሮው!" ተባለ። አያ ጎሽ ብቻ ግንባሩን አከከ።

"ለእኔ ግን፣ 'አትውረዱ' የሚል ነገር የነበረው ይመስለኛል።"

"አንተ መቼ ነቅተህ ሰማህና!" አሉት። ጎሽ እውነት ሆነበትና አንገቱን ደፋ።

አያ ጅቦ ጉሮሮውን ጠራረገ። "ግጥሙ ድንቅ ነው። መጨረሻዋ ግን ትንሽ ጎረበጠችኝ። ጥንታውያን 'እናንተን ሊበላ' አይሉም፤ ነውር ነው። በአፍ በአፍ ሲመጣ ተበላሽቶ ነው። 'ሁሉም እንዲበላ' ነው መሆን ያለበት።"

"ልክ ነው፣ ምቱም ይገጥማል" አለ መምህር ሰጎን። ከዚያም ሰምና ወርቁን ይፈታላቸው ገባ። "ጅብ የሚለው ሰም ነው፤ ወርቁ ቸርነት ነው። ቆላ ማለት ትሕትና ነው፤ ዝቅ በሉ ይለናል። ኧረ ጥልቀቱን ተመልከቱልኝ! የዚህ ግጥም ባለቤት የሊቆች ሊቅ መሆን አለበት።"

ግልገል ቀድሞ ይጠጣ የሚለውም ስንኝ ትዝ ያለው አልጠፋም፤ ነገር ግን አንበሳን ያስቀይማል ተብሎ ተቆረጠ። አንበሳ በዚያ ጫካ ከታየ ዘመን የለውም። እሱ ባይኖርም ፍርሃቱ ነበረ።

ጦጢት ይህን ሁሉ ቅርንጫፍ ላይ ተቀምጣ ትሰማለች። "ኧረ ጉድ! የኔ ቀልድ እኮ ነው!" ልትል አፏን ከፈተች። ግን "የሊቆች ሊቅ" የምትለዋ ቃል ልቧን አሞቀችው። እስከዚያ ቀን ቀልማዳ እንጂ ሊቅ ያላት አልነበረም። ትንሽ ላጣጥመው፣ ነገ እነግራቸዋለሁ አለችና አፏን መልሳ ዘጋች። ነገርየው የተበላሸው እዚህ ላይ ነው።

ዓመታት አለፉና ዝናብ ከዳ። ወንዙ መጀመሪያ ቀጠነ፣ ቀጥሎ ኩሬ ኩሬ ሆነ፣ በመጨረሻ ጭቃው ራሱ ተሰነጠቀ። ድኩላ ያን ሰሞን ወልዳ ነበር፤ ጡቷ ደረቀና ግልገሏ መቆም አቃታት። ሸንጎው ተጠራ። "ግጥሙ ምን ይላል?" ተባለ። ግጥሙማ የሚለው ይታወቃል። አያ ጅቦም "እኔ ቀደም ብዬ ልውረድና ድግሱን ላሰናዳ" ብሎ ሄደ። እንስሳቱ "እግዜር ይስጥልን" ብለው ሸኙት።

ያን ጊዜ ጦጢት ደነገጠች። ከዛፏ ወርዳ መንገዱ ላይ ቆመች።

"አትሂዱ! ግጥሙ የኔ ቀልድ ነው! የእማማ ኤሊ እንዲህ አይደለም!" አለች። ከዚያም አንድ ቃል ሳታዛባ፣ እማማ ኤሊ እንደምትለው ቀስ አድርጋ "ወንዙ ሲከዳችሁ፣ አትውረዱ ቆላ" ብላ ጀመረች። ድምፁ ቁርጥ የእማማ ኤሊ ሆኖ ወጣ፤ እሷ ይህን ግጥም በሌላ ድምፅ ማለት አትችልም ነበር።

በጥም የደረቀው ሁሉ ሳቀ። "ወይ ጦጢት! በዚህ ቀን እንኳ አታርፍም!" አሉ። መምህር ሰጎን ግን ተቆጣ። "በቅርስ መቀለድ አይበቃሽም? ደግሞ የኔ ነው ትያለሽ? አንቺ? የሊቆች ሊቅ?" አለና ገፍትሯት አለፈ።

ጦጢት ድኩላን ያዘቻት። "እህቴ፣ አንቺ እንኳ እመኚኝ።"

ድኩላ አልሳቀችም። "ጦጢት፣ ልጄ ልትሞትብኝ ነው" አለች። "ዛሬ ተይኝ።" ግልገሏን በአፍንጫዋ እየገፋች ሌሎቹን ተከተለች።

ጦጢት ቆማ አላለቀሰችም። ዳገቱን ወጣች። ግጥሙ የሚለው አለት ጋ ደርሳ ወደ ኋላው ዞረች፤ እውነትም ከስንጥቁ ሥር ቀዝቃዛ ውሃ ተኝቷል። ምላሷ ከላንቃዋ ተጣብቆ ነበር፤ ሳትጠጣ ዘልላ ገባችና ጠጉሯን እስከ ቆዳዋ አራሰችው። ከዚያም ሳይደርቅ ልድረስ ብላ ቁልቁል በረረች።

ሌሎቹ ርቀዋል። ድኩላ ግን ግልገሏ ወድቃባት ከመንገድ ቀርታ ነበር። ጦጢት ደረሰችና ክንዷን ከግልገሏ አፍ አስጠጋች። ግልገሏ መጀመሪያ ላሰች፣ ቀጥሎ ጠባች፣ ከዚያ ዐይኗን ገለጠች። ድኩላም የጦጢትን ትከሻ ላሰችና ቀና አለች።

"ውሃ ነው።"

"ካለቱ ኋላ ነው። ሞልቷል።"

"እውነትሽን ነበራ?"

"እውነቴን ነበር።"

"ታዲያ ያኔ በሸንጎው ለምን ዝም አልሽ?"

ድኩላ መልሱን አልጠበቀችም። "ልጄን ይዘሽልኝ ውጪ። እኔ ፊተኞቹን ልጥራ" አለች።

"እኔ ልሂድ! ጥፋቱ የኔ ነው!"

"አንቺን ማን ያምንሻል?" አለችና ሮጠች።

ጦጢት ግልገሏን አዝላ ዳገቱን ወጣች። አጠጣቻት። ራሷም ጠጣች። ከዚያ ቁጭ ብላ ቁልቁለቱን ስታይ ዋለች። በመጨረሻ እመት አህያ አንድ ጆሮዋን ጥላ መጣች፤ አያ ጎሽ እያነከሰ፣ ጥቂት ግልገሎችም እየተንቀጠቀጡ መጡ። መምህር ሰጎን ከሁሉ ቀድሞ ደርሶ ነበር፤ ሲሸሽ ማን ይደርስበታል! ድኩላ አልመጣችም።

"ድኩላ መጥታ ተመለሱ አለችን" አለች እመት አህያ። "ያንቺ መልእክተኛ መስላን ሳቅንባት። እየሳቅን ሳለ ጅቦቹ ከየቁጥቋጦው ወጡ። እሷ እግር አላት፣ ማምለጥ ትችል ነበር። እነዚህን ግልገሎች ከፊቷ ስትነዳ ኋላ ቀረች።" ይህን ብላ አህያ ጅብን ትራገም ጀመር። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ይሉታል ይህን።

ሁሉም ጠጡ። ከጠጡ በኋላ መምህር ሰጎን አንገቱን ሰበቀ።

"ወንድሞቼ፣ ግጥሙ እንዳልዋሸ ልብ በሉ። ድግስ አለ ብሏል፣ ድግስ ነበር። አፈታታችን ነው ትንሽ የሳተው። አሁን ለእትዬ ድኩላ መታሰቢያ በዚያው በጥንቱ ዜማ አንድ ግጥም ያስፈልገናል። ጦጢት፣ አንቺ ትችይበታለሽ። ብቻ ሐዘን እንዳይበዛበት፣ ፈገግ የሚያሰኝ ነገር ጣል አድርጊበት።"

ጦጢት የድኩላን ልጅ እንዳቀፈች እንባዋ ወረደ። ከኋላ ያሉት ግልገሎች ተጠቋቆሙ። "ደግሞ ማንን እያስመሰለች ነው?" ብለው ኪክኪክ አሉ።

"ማንንም" አለች ጦጢት። "ስቀልድ ሊቅ ብላችሁ አመናችሁኝ፤ እውነት ስናገር ሳቃችሁብኝ። አሁን ደግሞ ግጥም ግጠሚ ትሉኛላችሁ። ምን ብዬ ልግጠም? ድኩላን ጅብ ጨረሳት እንጂ፣ እኔ በዝምታዬ፣ እናንተ በጭብጨባችሁ፣ የጀመርናትስ እኛ ነን።"