ከመቃብር እስከ ብስክሌት

መላው የቱሪን ሕዝብ ይወቅ፤ የማያውቅም ይጠይቅ! ፊልም ገና አፍ ባላወጣበት በዚህ ዘመን፣ ባለ ሰባ ወንበር በሆነው ሲኒማ ቤት፣ ለሸራው አፍ ሆኖ የተሾመው ባለ ዘንጉ፣ ባለ ሪዙ ኤቫዚዮ ኩኒቤርቲ ነው። ሸራው ላይ ጽሑፍ ብቅ ሲል ፊደል ላልቆጠረው ተመልካች ጮኾ ያነባል። የዚህ ሳምንት ፊልም እጮኛዋን ለታናሽ እኅቷ ለቅቃ ስለምትሞት ሴት ነው። ማሽኑን በእጁ የሚያዞረው ቀርፋፋው ሴኮንዶ ግን አንድ ነገር አልገባው ብሏል።

[ከቀትር በኋላ፤ የማሽኑ ክፍል። ፊልሙ በሦስት ጣሳ ተከፍሎ ተደርድሯል።]

ሴኮንዶ፦ ማስትሮ፣ መጀመሪያ ትቀበራለች። ከዚያ ብስክሌት ትነዳለች።

ኤቫዚዮ፦ የምትነዳው መንታዋ ናት አላልኩህም?

ሴኮንዶ፦ ትናንት ነፍሷ ናት ብለው ነበር።

ኤቫዚዮ፦ የመንታዋ ነፍስ ናት። ምን ያንገበግብሃል?

ሴኮንዶ፦ ነፍስ ብስክሌት ምን ያደርግላታል?

ኤቫዚዮ፦ ገነት ሩቅ ነዋ! በእግሯ እንድትኳትን ነው የፈለግኸው?

[ይህን ይበል እንጂ ላብ አጥምቆታል። የሲኒማ ቤቱ ጌታ ዛሬ ከፊልሙ ሠሪዎች አንዱን ይዞ ይመጣል፤ ስሕተት ከተገኘ ዘንግህን ተቀብዬ መጥረጊያ አስይዝሃለሁ ብሎታል።]

ሴኮንዶ፦ እንግዲያው የቱን ላስቀድም? ጣሳው ላይ ተጽፏል።

ኤቫዚዮ፦ [አንዱን አንሥቶ ወደ ብርሃን ይዞ] ይኸው፣ «መጀመሪያ» ይላል።

ሴኮንዶ፦ ዘቅዝቀው ነው የያዙት።

ኤቫዚዮ፦ [ገልብጦ] አሁንም «መጀመሪያ» ይላል።

ሴኮንዶ፦ «መጨረሻ» ነው የሚለው።

[ኤቫዚዮ ጣሳውን ቀስ ብሎ አስቀመጠ።]

ኤቫዚዮ፦ አንተ ታነባለህ?

ሴኮንዶ፦ ወታደር ቤት አስተምረውኛል። ትናንት ሸራው «ደኅና ሁኚ» ሲል፣ እርስዎ «እንኳን ደኅና መጣሽ» አሉ። ሕዝቡ አለቀሰ።

ኤቫዚዮ፦ ከሰኞ ጀምሮ እያወቅህ ዝም አልህ?

ሴኮንዶ፦ ሁለቱ እኅቶቼ የእናታችንን የገንፎ ድስት ማን ይውሰድ ብለው ተጣልተው ስድስት ዓመት አልተነጋገሩም። ሰኞ ሟቿ ብድግ ስትል፣ ጁዲታ ደንግጣ የኦርሶላን እጅ ያዘች። ይኸው በየቀኑ ይመጣሉ፤ ዛሬም ታች ተቀምጠዋል። ፊልሙ ሸራው ላይ ያሉት እኅትማማቾች ብስክሌቱ ላይ ሲሥቁ ካለቀ፣ የእኔዎቹም አብረው ነው ቤት የሚገቡት። በቀብር ካለቀ፣ እንጃ።

ኤቫዚዮ፦ የእኔስ ዘንግ?

ሴኮንዶ፦ ጣሳውን ያምታታው ቀርፋፋው ሴኮንዶ ነው ይበሏቸው። ማን ይጠራጠራል?

[ሴኮንዶ «መጨረሻ» የሚለውን ጣሳ ከፍቶ ፊልሙን ማሽኑ ላይ ጫነ።]

አንባቢ ሆይ፣ እስከዚህ ከደረስህ ማንበብ እንደምትችል ታውቋል። እንግዲህ በዚያ ሲኒማ ቤት በር ስታልፍ ጣሳዎቹ ተከፍተው ብታይ፣ ስለ ጁዲታና ስለ ኦርሶላ ብለህ፣ እባክህ አንድ ጊዜ እንኳ ፊደል እንዳልቆጠረ ሰው ሁን።