የኖራ ገንዳው ሹም

ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ባለው የቆርቆሮ አዳራሽ፣ እሑድ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ ድምፅ የሌለው ሲኒማ ይታይ ነበር። የሲኒማውን መኪና በእጁ የሚያዞረው ጓንጉል ነው። እያዞረም የሚታየውን ለሕዝቡ ያስረዳል። እንጀራው ይኸው ነበር።

አንድ እሑድ የአገሩ ገዥ ፊታውራሪ አስጨናቂ ሳይታሰብ መጡና ከፊት ተሰየሙ። ወይ ጉድ! እሳቸው ሳይስቁ ማን ይስቃል? እንዲህ የደፈረ ሰው አስገርፈው ያውቃሉ። ሁሉም የነጠላውን ጫፍ አፉ ውስጥ ወተፈ።

ሥዕሉ ጀመረ። አንድ ቦርጫም ሹም፣ ረጅም ቆብ ደፍቶ፣ በርሜል ላይ ቆሞ ግንበኞችን ይቆጣል። አንዱ ግንበኛ መሰላል እንደተሸከመ ዞር ቢል፣ መሰላሉ ሹሙን ገፋውና በግንባሩ የኖራ ገንዳ ውስጥ ዘጭ!

«እኔን!» አለ አዳራሹ በአንድ አፍ። ሰው ሲወድቅ ደንቡ ነዋ። ግን የዛሬው «እኔን» ትከሻ ያንቀጠቅጣል። ጠላ ሻጯ ወይዘሮ ድንቅነሽማ እንባዋ ዱብ ዱብ እያለ፣ «እኔ ድፍት ልበል! ሲያሳዝኑ!» እያለች ጎረቤቷን በክርኗ ትደቁሳለች።

ፊታውራሪ ብድግ አሉ። «ሹም ወድቆ ዝም ይባላል? አንሳው! እምቢ ካልክ ይህን ቤት ዛሬውኑ አሽገዋለሁ!»

ጓንጉልን ላብ አጠመቀው። ምን ያድርግ? መዘውሩን ወደ ኋላ አዞረው። አቤት ጉድ! ሹሙ ከገንዳው ተስፈንጥሮ ወጣ፤ ኖራው ከፊቱ ረገፈ፤ ቆቡ በርሮ መጥቶ አናቱ ላይ ጉብ አለ። ሴቶቹ እልልታውን አቀለጡት።

«እንዲህ ነው እንጂ!» አሉ ፊታውራሪ ጢማቸውን እያሻሹ። «በል ቀጥል።»

ቀጠለ። ዘጭ!

«እኔን!»

«አንሳው!» ተነሣ። «ቀጥል!» ወደቀ። አሁንስ ነጠላው ከየአፉ አመለጠ፤ ሳቁ ቆርቆሮውን አንኳኳው። የፊታውራሪ ፊት በርበሬ መሰለ።

«አንተ! ለምንድን ነው እንደ ቆመ የማይቀረው?»

ጓንጉል እጁን ከመዘውሩ ሳያነሣ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣ።

«ጌታዬ፣ ካዘዙኝ ዕድሜዬን ሙሉ ወደ ኋላ አዞራለሁ፤ እሳቸውም ይቆማሉ። ወደ ፊት የሄድን ዕለት ግን እኔም አላድናቸው።»