ሊቀ መጋዘን ሰቦቃና ኦፍታልሞስኮፕ

ኮንዶሚኒየም ዕጣ የደረሰው ሰው ሁሉ ከቤቱ ጋር አንድ ሁሉን አዋቂ ጎረቤት በነጻ ይሰጠዋል። ጋዜጣ ላይ ባለ አንድ መኝታ፣ ባለ ሁለት መኝታ ተብሎ ሲወጣ ይህኛው አይጻፍም። ቁልፍህን ተረክበህ፣ ውሃ ገና ሳይገባልህ፣ እሱ ግን በርህ ላይ ቆሞ "ይሄ እኮ ቧንቧ አይባልም፤ ትክክለኛ ስሙን ልንገርህ?" ይልሃል። አልፈልግም ብትለውም ይነግርሃል።

ገላን ኮንዶሚኒየም ለነሸኪብ ብሎክ የደረሷቸው ሊቀ መጋዘን ሰቦቃ ናቸው። ማዕረጉን በሹክሹክታ የሰጣቸው የአይሱዙ ሹፌሩ ሸኪብ ራሱ ነው፤ ፊታቸው ሲቆም ግን እንደ ጨዋ ልጅ "ጋሽ ሰቦቃ" ነው የሚላቸው። ጋሽ ሰቦቃ የአቃቂ ተወላጅ ናቸው። አባታቸው ጤፍ ያጭዱበት በነበረ መሬት ላይ መጋዘን ሲቆም፣ እሳቸው እዚያው ቃሊቲ የሕክምና ዕቃ በሚከማችበት አንድ መጋዘን ሃያ ሰባት ዓመት ንብረት ክፍል ሠርተው ጡረታ ወጡ። በዚያ ሁሉ ዘመን መርፌ ከያዘ ሰው ሲሸሹ እንጂ ሲጠጉ አልታዩም። የዕቃውን ስም ግን ከነትርጉሙ፣ ከነአገሩ፣ ከነአያቱ ያውቁታል።

በመጋዘኑ የነበራቸው ሕግ አንድ ነው፤ "ስሙን ጥራና ውሰድ!" መጠየቂያው ላይ "የጆሮ ማያ" ብሎ የመጣ ሠራተኛ፣ ሦስት ቀን ከሚያስኬድ አገር ቢመጣም፣ "ኦቶስኮፕ ብለህ አስጽፈህ ና" ተብሎ ባዶ እጁን ይመለስ ነበር ይባላል። ይባላል ነው፤ እኔ አላየሁም። እሳቸው ግን ሲነገራቸው ደስ ብሏቸው ይሰማሉ እንጂ አያስተባብሉም።

ጡረታ ወጡ ማለት መጋዘኑ ወደ ብሎኩ ተዛወረ ማለት ነው። ካቻቪቴ ሊዋስ የሄደ ጎረቤት "ባለ መስቀል ነው ጠፍጣፋ? ቁጥሩስ?" ተብሎ ተመርምሮ፣ መጨረሻ ላይ ጥፍሩን ሰብሮ ብሎኑን በጣቱ ይፈታል። በኮሮና ጊዜማ ጉድ ነበር። ባንክ በር ላይ ዘበኛው ግንባራቸው ላይ ያነጣጠረባቸውን ነገር "ካሜራ ነው አባቴ፣ አይዞዎት" ቢላቸው ሰልፉን ሁሉ አስቁመው ቴርሞሜትር ማለት ምን ማለት እንደሆነ አስተማሩ። ከኋላ የቆመው ሰው ሙቀቱ የጨመረው ያኔ ነው።

ትምህርታቸው አጭር ናት፤ የምታልቅበት ሰዓት ነው የሌላት። "መጨረሻውን እይ! ሜትር ካለው ይለካል። ግራፍ ካለው ይጽፋል። ስኮፕ ካለው ያያል። በቃ!" ቂም የያዙት በስቴቶስኮፕ ላይ ብቻ ነው። ደረት ማያ ተብሎ ተሰይሞ ሲያበቃ ደረት ያዳምጣል እንጂ አያይም፤ ስሙን ያወጡት ሰዎች እንዴት ሳያፍሩ እንደቀሩ እስከዛሬ አይገባቸውም። የሚወዱት ደግሞ ኦፍታልሞስኮፕን ነው። "ኦፍታልሞስ በግሪክ ዓይን ነው። ስኮፕ ማየት። ዓይንን የሚያይ! እንደ ስሙ የሚሠራ ዕቃ እሱ ነው" ይላሉ፣ የልጁን ሠርግ እንደሚያወራ አባት እየተፍለቀለቁ። ሸኪብ ይህን ደረጃ ላይ፣ ታክሲ ውስጥ፣ አንዴም የሰው ለቅሶ ላይ ሰምቶታል።

ሸኪብ በዚያ ሰሞን ለግሪክኛ የሚሆን ልብ አልነበረውም። መንጃ ፈቃዱ ሊታደስ አንድ ወር ቀርቶታል፣ እሱ ደግሞ በሁለት ወር ውስጥ የአይሱዙውን የቀኝ ስፖኪዮ ሦስት ጊዜ ሰብሯል። የመኪናው ባለቤት አራተኛው ከተሰበረ ቁልፉን እንዲያስረክብ ነግሮታል። ቤት ውስጥም የልጆቹ የልብስ ማጠቢያ ሳፋ ላይ ይደናቀፋል። ሚስቱ ኡምሀኒ አንድ ቀን አፍጥጣ ያዘችው።

"አክስቴን በአጠገቧ ሰላም ሳትላት አለፍካት አሉ። ምን አድርጋህ ነው?"

"ወላሂ አላየኋትም!"

"እሷን የሚያህል ሴትዮ!"

የሸኪብ ፍርሃት ግልጽ ነበር። ዓይኔ ላይ አንድ ነገር ካገኙብኝ መሪውን ይነጥቁኛል፤ መሪው ከሄደ ደግሞ ሦስት ልጅ በምን ይበላል? ስለዚህ ለመንጃ ፈቃዱ እድሳት የሚጠየቀውን የዓይን ምርመራ ሊያደርግ፣ አጥብቆ የማይመረምር ክሊኒክ አፈላልጎ ሄደ። እዚያ አቅጣጫው የሚገለባበጠውን ፊደል እስከ መጨረሻዋ መስመር ድረስ ሳይሳሳት አነበበና እየፎከረ ተመለሰ። እንደ ዕድሉ ደረጃው ላይ ያገኘው ሊቀ መጋዘኑን ነው።

"እህ፣ ምን አሉህ?"

"አልሐምዱሊላህ ጋሽ ሰቦቃ፣ ዓይንህ የሕፃን ነው አሉኝ። ሁሉንም አነበብኩላቸው።"

"በምን አዩህ?"

"በሰሌዳ ነዋ!"

"ሰሌዳውንማ ያየኸው አንተ ነህ። አንተን ማን አየህ?"

"በባትሪም አብርተውብኛል" አለ ቀስ ብሎ።

"ባትሪ በር ማንኳኳት ነው! እኔ የምልህ ጓዳ ገብቶ ስለሚያየው ነው። ሐኪሙ ፊቱን ፊትህ ላይ ለጥፎ፣ በትንሿ ቀዳዳ አድርጎ፣ በብሌንህ አልፎ የዓይንህን ጀርባ ያያል። ኦፍታልሞ..."

"ጋሽ ሰቦቃ!" ሸኪብ ጮኸ። "በአላህ ይተዉኝ! እርስዎ መጋዘን ጠባቂ እንጂ ሐኪም ነዎት እንዴ?"

ጋሽ ሰቦቃ ኮታቸውን አስተካከሉ። "ጠባቂ ሳይሆን ንብረት ክፍል" አሉና ሄዱ። ሸኪብም ትንሽ አፈረ፣ ብዙ ደግሞ ተገላገለ።

በሳምንቱ አቃቂ በሰቃ፣ ለአንድ ብረታ ብረት ቤት ቆርቆሮ አራግፎ ወደ ቀኝ ሲታጠፍ፣ ጎኑ ላይ ጩኸት ሰማ። ፍሬኑን ረገጠ። ከበሩ አንድ ክንድ በማትሞላ ርቀት ባጃጅ ቆሟል፤ ውስጧ አራስ ልጅ የታቀፈች ሴት አለች። የባጃጁ ሹፌር ዘሎ ወርዶ በሩን በጥፊ መታው።

"እዚህ ሆኜ ክላክስ በክላክስ ሳደርግብህ አታይም? ዓይን የለህም?"

ማንም አልተጎዳም። ሸኪብ ግን ሞተሩን አጠፋ። ቸኩሎ ቢሆን፣ ዘግይቶ ቢያይ ባልከፋው። ባጃጇ ለእሱ ጭራሽ አልነበረችም። በዚያ በኩል ያለው ዓለም ባዶ ነበር።

ያን ቀን አመሻሹ ላይ የጋሽ ሰቦቃን በር አንኳኳ። ባለቤታቸው ወይዘሮ ዲንቄ ከፈቱለት።

"ጋሽ ሰቦቃ፣ የዚያን ዕቃ ስም እስቲ ድገሙልኝ" አለ፣ መሬት መሬት እያየ።

ወይዘሮ ዲንቄ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አደረጉ። "ወይ ዛሬ! በትዳር ዘመኔ ይሄን ሰውዬ 'ድገሙልኝ' ያለ ሰው ሳይ የመጀመሪያዬ ነው።"

ሸኪብ መቼም ነገር ይወርድብኛል ብሎ ተዘጋጅቶ ነበር። አዛውንቱ ግን የተፈጠረውን ሰምተው ሲጨርሱ ተነሡና መሳቢያ ከፈቱ። ሁለት ካርቦን አወጡ። በሦስት ኮፒ፣ በትልልቅ ፊደል ጻፉ፤ አንዱ ለሐኪሙ፣ አንዱ ለሸኪብ፣ አንዱ ለፋይል። "ተረካቢ" በሚለው ላይ ሳያስፈርሙት ደግሞ አልለቀቁትም።

በማግስቱ በታክሲ ቃሊቲ ደርሰው ባቡር ያዙ። ጋሽ ሰቦቃ "ማን ይጠይቅልሃል? አንተ እንደሆንክ ስሙን ታበላሸዋለህ" ብለው አብረውት መጥተዋል። ባቡሩ ሲንቀሳቀስ ሳይጠየቁ ማውራት ጀመሩ፤ ይህ አያስገርምም። ያወሩት ግን ሌላ ነው።

"ሥራ በጀመርኩ በዓመቱ አንድ ሆስፒታል 'ማያ፣ አንድ' ብሎ ላከ። እኔም ሳልጠይቅ የጆሮውን አሽጌ ሰደድኩ። እነሱ የጠበቁት የዓይኑን ነበር። እስኪመለስና እስኪለወጥ አምስት ወር ፈጀ።" መስኮቱን አዩ። "በነዚያ አምስት ወራት ዓይኑን ሊያሳይ መጥቶ የተመለሰ ሰው ነበር ይሆን እያልኩ እስከዛሬ አስባለሁ። ሰው ፀጉር ሰንጣቂ ይለኛል። ይበለኝ።"

"አብሽሩ ጋሽዬ" አላቸው ሸኪብ፤ ቤተሰቦቹ ወሎ ላይ ያዘነ ሰው ሲያገኙ የሚሉት እሱን ነው።

የደረሱበት የዓይን ክሊኒክ ሐኪም ዶክተር ናፍቆት የምትባል ልጅ እግር ናት። ወረቀቱን ተቀብላ ጮክ ብላ አነበበች። "ዕቃው፦ ኦፍታልሞስኮፕ። ብዛት፦ አንድ። የተፈለገበት ምክንያት፦ የአቶ ሸኪብን የዓይን ጀርባ ለማየት።" ቀና አለች። "እንዲህ ያለ ማዘዣ መጥቶልኝ አያውቅም። የጤና ባለሙያ ነዎት አባት?"

"ለሃያ ሰባት ዓመት አድለነዋል" አሉ ጋሽ ሰቦቃ፣ ደረታቸውን ነፍተው።

እሷም ሳቅ ብላ መሣሪያውን ከመሳቢያ አወጣችና አበራችው። እጀታ ያላት፣ ጭንቅላቷ ላይ ቀዳዳ ያላት፣ ከመዳፍ ብዙም የማትበልጥ ነገር ናት። ሸኪብ ማብራሪያውን ሊሰማ ጆሮውን አዘጋጀ። ወፍ የለም። ዘወር ብሎ ሲያይ ሊቀ መጋዘኑ እጃቸውን አጣጥፈው፣ ትንፋሻቸውን ውጠው ቆመዋል።

"ምነው ጋሽ ሰቦቃ?"

"በእሽጉ ነበር የሚያልፈው" አሉ በለሆሳስ። "ሲበራ አይቼው አላውቅም።"

ዶክተሯ ፊቷን ከሸኪብ ፊት አስጠጋች። እሱ ባዳ ሴት ይህን ያህል ስለቀረበችው በሆዱ አስተግፊሩላህ፣ ይቅር በለኝ እያለ ጣሪያውን አየ። ብርሃኑ ገባ። ግራውን አየች፣ ቀኙን አየች፣ ወደ ቀኙ ተመለሰች። በጣም ቆየች። ከዚያ ፊት ለፊቷ አስቀምጣ አፍንጫዋን ብቻ እንዲያይ ነገረችውና እጇን ወደ ጎን ዘረጋች።

"ስንት ጣት ነው?"

"የቱ ጣት?" አለ ሸኪብ።

ጋሽ ሰቦቃ ፊታቸውን አዞሩ።

ግላኮማ ነው አለችው። የዓይንን ነርቭ ከዳር ጀምሮ ዝም ብሎ ይበላል፤ አያምም፣ አያሳክክም፣ መሐሉን የሚነካው መጨረሻ ላይ ስለሆነ ሰሌዳ ማንበብ አይከለክልም። የጠፋው አይመለስም። የቀረውን ግን ጠብታ ሳያቋርጥ ከተጠቀመ፣ እየተመላለሰም ከታየ ማቆየት ይቻላል። "ዓመት ቆይተህ ብትመጣ የማቆይልህ ነገር ላይኖር ይችል ነበር" አለች።

"መሪውስ?"

"እኔ በዚህ ዓይን ንዳ ብዬ አልፈርምልህም።"

ሸኪብ ውጭ ወጥቶ የክሊኒኩ ደረጃ ላይ ቁጭ አለና እንደ ልጅ አለቀሰ። "ባያዩኝ ይሻለኝ ነበር" አለ። ጋሽ ሰቦቃ አጠገቡ ተቀመጡ። እዚያ ተቀምጠው ሳሉ ከአፋቸው የወጣው ነገር "አይዞህ ልጄ" ብቻ ነው። እሱንም ሁለት ጊዜ አሉት።

እንጀራው ጨርሶ አልተዘጋም። የመኪናው ባለቤት ተናዶ ሲያበቃ፣ ስለ ባጃጇ ሰምቶ ሲደነግጥ፣ ቃሊቲ የሚያቆማቸውን አምስት አይሱዙዎች ስምሪት እንዲይዝለት አደረገው። ደሞዙ ከድሮው ያንሳል፤ ኡምሀኒ ሳምቡሳ ጠብሳ መሸጥ ጀምራለች። ቢሆንም ማታ ቤቱ ሲገባ የልጆቹን ፊት ያያል። ማየት ብቻ ሳይሆን ማየቱን ይቆጥረዋል።

የቀረው የጠብታው ጉዳይ ነው። ጠዋት አንድ ሰዓት፣ ማታ አንድ ሰዓት። ሸኪብ ጠርሙሷን ሲያቀርብ ዓይኑ እየተጨፈነ ጠብታው ጉንጩ ላይ ይቀራል። ኡምሀኒ ስትሞክር እጇ ይንቀጠቀጣል። በሁለተኛው ቀን ጋሽ ሰቦቃ እጃቸውን ታጥበው፣ መነጽራቸውን አድርገው መጡ፣ ጠብ አደረጉት። በቃ፣ ያ ሥራ የእሳቸው ሆነ። አንዲት ደቂቃ አያዛንፉም።

ጠብታው ዓይን ውስጥ ከገባ በኋላ ደግሞ ዓይን ተጨፍኖ፣ በአፍንጫ በኩል ያለው ጥግ በጣት ተይዞ፣ ሁለት ደቂቃ መቆየት አለበት። አስቡት እንግዲህ። ሰውየው ዓይኑን ጨፍኗል፣ ጭንቅላቱን ወደ ኋላ ለቋል፣ መሮጥ አይችልም። ሊቀ መጋዘን ሰቦቃ በዕድሜያቸው እንዲህ ያለ ተማሪ አግኝተው አያውቁም። "ቲሞሎል ይባላል። መጨረሻውን እይ፣ ሎል! ሎል ያለው ሁሉ የአንድ ቤት ልጅ ነው..." ሁለቱ ደቂቃ ሃያ ትሆናለች። ኡምሀኒ ጓዳ ገብታ አፏን በሻርፕ ይዛ ትስቃለች።

ባለፈው ወር ጋሽ ሰቦቃ የዘመድ ለቅሶ ገጥሟቸው ለሁለት ቀን ገጠር ሄዱ። ኡምሀኒ አንድ ሰዓት ሊሞላ ሲል ተጨንቃ ከጓዳ ብትወጣ፣ ባሏ መስኮቱ አጠገብ ቆሞ፣ የታችኛውን የዓይኑን ቆብ ወረድ አድርጎ፣ ጠብታዋን በአንድ እጁ ልክ መሐል ላይ ጣል አደረጋት። አንዲት ፍንጣቂ አልፈሰሰችም።

"አንተ! ትችላለህ እንዴ?"

ሸኪብ እጅ ከፍንጅ እንደተያዘ ሰው ደነገጠ። "ዝም በይ።"

"ከመቼ ጀምሮ?"

"ከሁለተኛው ሳምንት" አለ የዓይኑን ጥግ በጣቱ ይዞ። "ለጋሽ ሰቦቃ እንዳትነግሪያቸው። በነቢ ይዤሻለሁ።"

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ደረጃው ላይ የታወቀው ሳል ተሰማ። ሸኪብ ጠርሙሷን ጠረጴዛው ላይ መለሰ፣ ወንበሩን ወደ ብርሃኑ ጎተተ፣ ጭንቅላቱን ወደ ኋላ ለቀቀ።

"ኧረ የት ጠፉ ጋሽ ሰቦቃ!" አለ በሩ ሲከፈት። "እኔማ ጉንጬን ሳጠጣ ነው የከረምኩት።"