ስም ሳይዞር የተገዛ ቤት

በአሜሪካ ሕግ ሰው የሚያረጀው ሃምሳ ዘጠኝ ዓመት ከስድስት ወር ሲሞላው ነው። ስድስቷን ወር ማን እንደጨመራት አላውቅም። ከደሞዝህ እየተቆረጠ የተጠራቀመውን የጡረታ ገንዘብ፣ እኛ ፎር ኦ ዋን ኬ የምንለውን፣ ከዚያ ዕድሜ በፊት ከነካህ አሥር በመቶ ቅጣት ይጠብቅሃል። ታክሱ ሌላ ነው።

እዚህ ሲያትል ደግሞ ብዙው የኛ ሰው በወረቀት የተወለደው ጃንዋሪ አንድ ነው። ትክክለኛውን ቀን የሚያውቅ ሲጠፋ ያው ጃንዋሪ አንድ ተብሎ ይጻፋል። ስለዚህ ሁላችንም የምናረጀው በአንድ ቀን ነው ማለት ነው፤ ጁላይ አንድ። አዳራሽ ተከራይተን አንድ ላይ ብናረጅ ሳይሻል አይቀርም።

ጋሽ ዘውዴን ላስተዋውቃችሁ። የዕድራችን ጸሐፊ ናቸው። ኤርፖርት አጠገብ ባለ ፓርኪንግ ሃያ ዓመት ሠርተዋል። መጀመሪያ ወደዚህ ሲመጡ፣ ሽማግሌ ማን ይቀጥራል ብለው፣ ፎርሙ ላይ ዕድሜያቸውን ሰባት ዓመት ቀነሱ። ያኔ ብልህ ተባሉ። ዛሬ ስልሳ ሦስት ዓመታቸው ነው፤ በወረቀት ግን ሃምሳ ስድስት። አምና ከጡረታ ገንዘባቸው አውጥተው ቤት ለመግዛት ኮል አደረጉ። የስልኩ ሰውዬ በትህትና፣ ገና ወጣት ስለሆኑ ቅጣት አለብዎት አላቸው። ይህን የሰሙት ጉልበታቸውን ይዘው ከወንበር እየተነሱ ነው።

"ሰባቱን ዓመት መልሱልኝ ብዬ ማንን ልክሰስ?" አሉኝ። "ፎርሙን የሞላሁት እኔ!"

እኔ ሠላሳ አራት ዓመቴ ነው። በወረቀትም፣ በእውነትም።

ባለቤቴ ሰናይት ትባል ነበር። አምና ታማ ሞተች። አጭሩን ነው የምነግራችሁ፤ ረጅሙን እስካሁን አልቻልኩበትም። ሊያ የምትባል የአምስት ዓመት ልጅ አለችን። አለችኝ ማለት ነበረብኝ፤ አፌ አልለመደም።

ሰናይት ሆስፒታል ላብራቶሪ ውስጥ ነበር የምትሠራው። ከመጀመሪያ ደሞዟ ጀምራ ለጡረታ ታስቀምጣለች። እኔ አሾፍባት ነበር። "ለማን ነው የምትቆጥቢው? ለአሮጊቷ ሰናይት?" እላታለሁ።

"አዎ፣ ለአሮጊቷ ሰናይት። ጥርሷን ታሠራበታለች። አንተ ድዳም ሽማግሌ ሆነህ ትለምናታለህ" ትለኛለች።

አሮጊቷ ሰናይት አልመጣችም። ገንዘቡ ቀረ።

ሆስፒታል እንደተኛች አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ስለ ሌላ ነገር እያወራን ሳለ፣ "በጡረታዬ ብር ቤት ግዛ" አለችኝ። "ሊያ የምትዘጋው በር ይኑራት።" የምንኖረው ቢከን ሂል ባለ አንድ መኝታ አፓርታማ ነው። ሊያ ሳሎን ትተኛለች። ልጅ ስትናደድ በር ዘግታ ማኩረፍ ካልቻለች ምኑን ቤት አላት? ሰናይት ያሰበችው ይህን ይመስለኛል።

ሙት ዓመቷ ሲቃረብ ዋይት ሴንተር የሚባል ሰፈር አንድ ቤት አገኘሁ። ሁለት መኝታ፣ ደህና ጣሪያ፣ የሚያሳዝን ኩሽና። ሻጮቹ ዋጋዬን ተቀበሉ። ባንኩም እሺ አለ። የጎደለው ዳውን ፔይመንት፣ ማለትም ቅድሚያ ክፍያው፣ ብቻ ነበር፤ እሱ ደግሞ ሰናይት ጋ ነው። ብሩ ታክሱ ተቀንሶ ልክክ ብሎ ይበቃል። አንድ ነገር ከተነካ ግን አይበቃም። ቀኑ ካለፈ ቤቱ ለሌላ ሰው ይሄዳል።

ለጋሽ ዘውዴ ነገርኳቸው። ገና ሳልጨርስ እጃቸውን አነሱ።

"መጀመሪያ ስም አዙር።"

ለምን እንዲህ እንደሚሉ አውቃለሁ። ቡታጅራ የአባታቸው ቤት በአባታቸው ስም እንዳለ ሳይዞር ቀርቶ ሰባት ወንድማማችና እህትማማች ተካሰሱ። ጉዳዩን የያዘው ዳኛ ጡረታ ወጣ። የተተካውም ወጣ። በመጨረሻ ቤቱ ራሱ ፈረሰ። ለሳቸው በሟች ስም የተቀመጠ ነገር ማለት ምድጃ አጠገብ የተቀመጠ ቤንዚን ነው።

በማግስቱ ፎርሙን በልጃቸው አስወርደው፣ አስሞልተው መጡ። የሰናይት ሂሳብ ተዘግቶ ወደኔ ስም እንዲዞር የሚል ነው።

"እዚህ ጋ ፈርም።"

ፈረምኩ። አላነበብኩትም። የኛ ሰው፣ የሚያከብራቸው ሽማግሌ ያመጡለትን ወረቀት እፊታቸው ካነበበ አላመንኩዎትም እንደማለት ነው። ባንክ ቢያመጣው ሦስቴ አነበው ነበር። ጋሽ ዘውዴ ግን በለቅሶው ጊዜ ድንኳን ተክለው፣ ወንበር ተሸክመው፣ ልጄን አባብለዋል። ምኑን ነው የማነብባቸው?

"ፖስታውን እኔ እልከዋለሁ። አንተ ልጅህን ያዝ" ብለው ይዘውት ሄዱ።

ከአሥር ቀን በኋላ ገንዘቡ መቼ እንደሚደርስ ለማወቅ የጡረታውን ቢሮ ኮል አደረግኩ። ያነሳችው ሴት መጀመሪያ አዝናለሁ አለችኝ። ከልቧ ይሁን አይሁን በስልክ አይታወቅም፤ ግን ቀስ ብላ ታስረዳለች። እኔም አጋጣሚ ነው ብዬ ሁሉንም ጠየቅኳት። የራሴን የጡረታ ገንዘብ ለቤት ባወጣስ? የመሥሪያ ቤትህ ፕላን ከፈቀደ ይቻላል አለች፤ ቅጣቱ ግን አይነሳልህም። ብበደረውስ? ፕላኑ ከፈቀደ እሱም ይቻላል፤ ከደሞዝህ እየተቆረጠ ለራስህ ትመልሳለህ። ለመጀመሪያ ቤት ገዢ እስከ አሥር ሺህ ዶላር ቅጣት የለም ሲባል ሰምቻለሁ፤ እውነት ነው? አዎ፣ ግን እሱ አይ አር ኤ ለሚባለው፣ ሰው በግሉ ለሚከፍተው ሂሳብ ነው እንጂ ለዚህ አይደለም።

"የባለቤትህ ግን የተለየ ነው" አለች። ሰው ሲሞት ወራሹ ከሟች ሂሳብ የሚያወጣው ገንዘብ በየትኛውም ዕድሜ ቢሆን ቅጣት የለበትም። ታክሱን ብቻ ይከፍላል። ታክስ ለቅሶ አይደርስም። ይህ የሚሆነው ግን ሂሳቡ በሟች ስም እስካለ ድረስ ነው። "ወደ ራስህ ሂሳብ ካዞርከው ያንተ ገንዘብ ይሆናል። ያንተ ከሆነ ደግሞ አንተ ሠላሳ አራት ዓመትህ ነው።"

"ዞሮ ከሆነስ?" አልኳት።

"የማዞሪያ ፎርም ልከሃል እንዴ?"

ከአሥር ቀን በፊት አልኳት። ኮምፒውተሯን አየች። እስካሁን አልደረሰም፤ ከደረሰ ግን በፈረምከው መሠረት እንሠራዋለን፤ ከዚያ በኋላ መመለስ አይቻልም አለች።

ስልኩን ዘግቼ ለጋሽ ዘውዴ ደወልኩ።

"ጋሼ፣ ፖስታውን ላኩት?"

"የቱን ፖስታ?"

"የሰናይትን።"

"ልጄ፣ አትቆጣኝ" አሉ።

"ይንገሩኝ ጋሼ። ላኩት?"

"አልላክኩትም።"

ኩሽናው ወለል ላይ ቁጭ አልኩ።

ፖስታው መኪናቸው ውስጥ፣ የፀሐይ መከላከያው ሥር ተሰክቶ አሥር ቀን ሲዞር ነበር የከረመው። "ሙት ዓመቷ ሳይወጣ ስሟን በእጄ ከወረቀት ላይ ላንሳ? እንዴት ብዬ? ፖስታ ቤት ሁለት ቀን ሄጃለሁ። ሁለቱንም ቀን ፓርክ አድርጌ ተቀምጬ ተመለስኩ።"

"ታዲያ ለምን አስፈረሙኝ?"

"እንዳይረፍድብህ ነዋ!"

ሳቅኩ። ሳቄ ለራሴም እንግዳ ሆነብኝ። ሊያ ከሳሎን መጥታ "ዳዲ፣ አር ዩ ኦኬ?" አለችኝ። ኦኬ ነኝ አልኳት። ለጋሽ ዘውዴ ሴትዮዋ ያለችኝን አንድ በአንድ ነገርኳቸው።

"ቆይ፣ ቆይ። ሕጉ በሟች ስም ይቆይ ነው የሚለው?"

"በሟች ስም ይቆይ ነው የሚለው።"

"የመንግሥት ሕግ?"

"የመንግሥት ሕግ።"

"አባቴ ቡታጅራ መሞቱ ነው ችግሩ" አሉ።

በዚያው ሰዓት መጡና ፖስታውን እፊቴ አራት ቦታ ቀደዱት። ገንዘቡ በሰናይት ስም እንዳለ ወጣ። ሙት ዓመቷ ባለፈ በሳምንቱ ቤቱን ተረከብን። የቤቱ ወረቀት ላይ ከስሜ ቀጥሎ ትዳር የሌለው ብለው ጻፉብኝ። እዚህ አገር እንዲህ ይጻፋል አሉኝ። ፈረምኩ። ይኼኛውን አንብቤዋለሁ።

ሊያ በገባን ቀን በሯን አሥራ አንድ ጊዜ ዘጋችው። ቆጥሬያለሁ።

ጋሽ ዘውዴ በበኩላቸው አዲስ ሃይማኖት ይዘዋል። ባለፈው የዕድር ስብሰባ ተነስተው፣ ማንም ሰው የሟች ስም እንዳያዞር ብለው አወጁ። አዲስ አበባ ከእናታቸው ኮንዶሚኒየም የወረሱ አንዲት እናት ማስታወሻ ሲይዙ አይቼ ወንበር እየዘለልኩ ሄድኩ። "እትዬ፣ ይሄ ለዚያ አይሠራም! ያንን በቶሎ ያዙሩት!"

አንድ ነገር አልነገርኳችሁም። ሴትዮዋ ገንዘቡን ስትልክልኝ፣ ሁሉንም ላውጣው ወይ ብላ ጠይቃኝ ነበር። መቶ ዶላር ይቅር አልኳት፤ ለቤቱ የጎደለውን ከደሞዜ ሞላሁ። ፕላኑ ይፈቅዳል። ለምን እንደሆነ አልጠየቀችኝም፤ እኔም አልነገርኳትም። በየሦስት ወሩ መግለጫ በፖስታ ይልካሉ። የሰናይት ስም ከላይ፣ የኔ ስም ከሥሩ። አድራሻው የአዲሱ ቤት ነው።

የመጀመሪያው የመጣ ዕለት ፖስታ ሣጥኑን የከፈተችው ሊያ ናት። ፊደሎቹን በጣቷ ተከትላ አነበበች። "ማሚ ጋት ሜይል!" አለች፤ ለማሚ ደብዳቤ መጣላት ማለቷ ነው። ወስዳ ኩሽና መስኮቱ ላይ አቆመችው። እስካሁን እዚያው ነው።

ባለፈው እሑድ ጋሽ ዘውዴ ቤት ሊያዩ መጥተው ፖስታውን አዩት። የድሮው ድንጋጤ ፊታቸው ላይ መጣ።

"እስካሁን አላዞርከውም እንዴ?" አሉ፤ ከዚያ ራሳቸው አስታወሱና፣ "ኦኬ፣ ኦኬ። ይቆይ። ግን እስከ መቼ ነው የሚቆየው?"

አሮጊቷ ሰናይት ጥርሷን እስክታሠራ ድረስ አልኳቸው።