የራጅ ክፍሉ በር ላይ የተጠየቅሁት

ዝም የሚል ሰው በአገራችን ይከበራል። ለምን እንደሚከበር አስባችሁበት እንደሆነ እንጃ፤ እኔ ግን በዝምታዬ ስከበር ስለኖርሁ አስቤበታለሁ። ሰው ዝም ሲል ሌላው በዝምታው ውስጥ የፈለገውን ብልሃት ይጨምርለታል፤ ባዶ ጎተራም ከውጭ ሲያዩት ሙሉ ይመስላል። «ካፍ ከወጣ አፋፍ» እየተባልን ነው ያደግነው። አፍ ሳይከፈት ቀርቶ ገደል ስለገባው ነገር ግን የሚተርት የለም። ተናግሮ ያጠፋ ሰው ስሙ ይነሣል። ዝም ብሎ ያጠፋ «ጨዋ ነበር» ተብሎ ይቀበራል።

እኔም ከጨዋዎቹ አንዱ ነበርሁ። ትምህርቴን ሦስተኛ ክፍል ላይ ትቼ ሞፈር ጨበጥሁ፤ ከዚያ ወዲህ የኖርሁት ከበሬና ከሰሊጥ ጋር ነው፤ ሁለቱም ብዙ ወሬ አይፈልጉም። ልጆቼ ከአንደበቴ ይልቅ ዓይኔን ያነባሉ። በእንግዳ ፊት ዓይኔን ጠበብ ካደረግሁ አፋቸው ላይ የደረሰውን ቃል ይውጡታል። ይህን እንደ ሙያ እቆጥረው ነበር።

ነገሩ የሆነው በደርግ ጊዜ ነው። እርሻችን መተማ ቆላ ውስጥ ነበር፤ ከሱዳን ድንበር ብዙም አይርቅም። ትርንጎ የምትባል ልጅ አለችኝ። ያኔ አሥራ ስምንት ዓመቷ ነበር፤ ከወንዝ ማዶ ላሉት ለአያ ሙላት ልጅ ታጭታለች። ደግ ዘመድ፣ ደግ ቤት።

ትርንጎ አንድ ነገር አለባት። ኅዳር ላይ ሰሊጥ ሲራገፍ አቧራው ደረቷን ይይዘዋል፤ ትንፋሿ እንደ ቀጭን ዋሽንት ያፏጫል። አስም ነው። እኛ ቤት ግን ስሙ አይጠራም ነበር። እናቷ ከደጋ ከመጡት የቀን ሠራተኞች ዓይን አርቃ ከጎጆው ጀርባ ታስቀምጣታለች፤ ለጠየቀ ሁሉ «ጉንፋን ይዟት ነው» ትላለች። ጉንፋን፣ በየዓመቱ ኅዳር ላይ። የታጨች ልጅ ደረቷ ያፏጫል ከተባለ ማን ይወስዳታል? እናንተም ብትሆኑ ትደብቁ ነበር። አንደብቅም የምትሉ የምትድሯት ሴት ልጅ የሌለቻችሁ ናችሁ።

በዚያ ዓመት የመጣባት ግን ሌላ ነው። በጋው ሲጠነክር ጎኗን ይወጋት ጀመር፤ ሽንቷም ደም ቀላቀለ። የጤና ጣቢያው ሰው አይቷት «ጎንደር ውሰዷት» አለን። አያ ሙላት ይህን ሰምተው በማግሥቱ መጡ። የእህታቸው ልጅ የመንግሥት እርሻ የጭነት መኪና ይነዳ ነበርና «በእኛ ልጅ መኪና ትሄዳለች፤ እኔም አብሬ እወጣለሁ» አሉ። የአማች ደግነት እምቢ አይባልም። ከገበሬ ማኅበሩ የይለፍ ወረቀት አውጥተን፣ እሷ ጋቢና፣ እኛ ሁለታችን የሰሊጥ ጆንያ ላይ ሆነን ወደ ጎንደር ወጣን። መኪናው በዘለለ ቁጥር እሷ ጎኗን ትይዛለች እንጂ አትጮህም። የእኔ ልጅ ናት።

ሐኪሙ ጎኗን ነካክቶ «ጠጠር ሳይሆን አይቀርም፤ ራጅ ትነሣ» ብሎ ላከን። የራጁ ባለሙያ ቀጠን ያለ፣ ትዕግሥት ያለው ሰው ነበር። በሩ ላይ ካለው አግዳሚ አስቀምጦን እንዲህ ሲል አስረዳን።

«ኩላሊት እንዲሁ ሲነሣ በደንብ አይታይም። ስለዚህ በደም ሥሯ አዮዲን ያለበት መድኃኒት እንወጋታለን። መድኃኒቱ በደም ሄዶ ኩላሊት ይገባል፤ ከዚያ ከሽንት ጋር ይወርዳል። ያለፈበት ሁሉ ፎቶው ላይ ነጭ ሆኖ ይታያል። የተዘጋ ካለ እዚያ ላይ ይቆማል።»

ገባኝ። ቦይ የት ላይ እንደተደፈነ ለማወቅ ውሃ ለቅቆ መከተል ነው።

«አዮዲን ያ ቁስል ላይ የሚቀባው አይደለም?» አሉ አያ ሙላት።

«የእሱ ዘመድ ነው፣ አባት።»

«ላይ ላዩን እንዲያ የሚያቃጥል፣ ውስጥ ሲገባ ምን ሊያደርግ ነው?»

«ገላዋን ይሞቃታል፤ አፏን ብረት ብረት ይላታል። ወዲያው ያልፋል።» ከዚያ ወረቀቱን ገልጦ ወደ እኔ ዞረ። «አሁን አንድ ነገር ልጠይቅዎ። መድኃኒቱ የማይስማማው ሰው አለ። ልጅቷ አስም አለባት? ደረቷን አፍኗት ያውቃል?»

የአያ ሙላት ትከሻ ትከሻዬን ይነካል። ትርንጎ ፊት ለፊቴ ቆማለች። አፏን ከፈት ስታደርግ አየኋት። ዓይኔን ጠበብ አደረግሁ።

ዘጋችው።

«ምንም የለባትም» አልሁ። «ጤነኛ ናት።»

ባለሙያው ፈገግ አለ። «ጤነኛ ከሆነችማ ለምን አመጧት?»

አያ ሙላት ሳቁ። እኔም እንደ መሳቅ አልሁ። ልጄ ገባች።

በሩ ገርበብ ብሎ ነበር። መጀመሪያ «ሞቀኝ» ስትል ሰማሁ፤ ሰውየው እንዳለው ነው ብዬ ልቤን አሳረፍሁ። ቀጥሎ አስነጠሳት፤ ከዚያ ሳለች። ከሳሉ በኋላ ያን ድምፅ ሰማሁ። ኅዳር አይደለም፤ ሰሊጥ የለ፤ አቧራ የለ፤ ወለሉ የታጠበ ክፍል ነው። ፉጨቱ ግን ያው የጎጆዬ ፉጨት ነው።

ባለሙያው ነርሷን ጮክ ብሎ ተጣራ፤ ሐኪሙ በሩጫ መጣ። ተነሥቼ በበሩ ክፍተት ፊቷን አየሁት። የዓይኗ ቆብ፣ ከንፈሯ አብጦ ልጄን ልለያት አልቻልሁም። የለየኋት አሁንም ባለመጮኋ ነው።

ሐኪሙ ክንዷ ላይ መርፌ ወጋና ፊቱን ሳያዞር ጠየቀኝ። «አስም አለባት የለባትም? እውነቱን ይንገሩኝ።»

አያ ሙላት ከኋላዬ ቆመዋል። የማፍርበትን ልንገራችሁ፤ ልጄ እያፈናት እንኳ፣ አንድ ትንፋሽ ያህል፣ አሰብሁ።

«አለባት» አልሁ። «ከሰባት ዓመቷ ጀምሮ።»

ሐኪሙ ሌላ መርፌ አዘዘ። በአፍንጫዋ አየር አደረጉላት። እኔ ግድግዳውን ይዤ ፉጨቱን እያዳመጥሁ ቆምሁ። ስንት ኅዳር ሰው እንዳይሰማው የደበቅሁትን ድምፅ፣ ያን ቀን እንዳይቋረጥ ለመንሁት፤ ካፏጨች ትተነፍሳለች ማለት ነውና። ቆይቶ ሳሳ። ከዚያም በላይ ቆይቶ እንደ ማንኛውም ሰው ስትተነፍስ ሰማሁ።

አግዳሚው ላይ ተመልሼ ተቀመጥሁ። «እንግዲህ ሰሙ» አልኋቸው አያ ሙላትን።

«ድሮም አውቃለሁ» አሉ መሬት መሬቱን እያዩ። «አምና ሰሊጥ ስታራግፉ፣ ከብት ጠፍቶብኝ በጎጇችሁ ጀርባ ሳልፍ ሰምቻታለሁ።»

«ታዲያ ሰውየው ሲጠይቀኝ ለምን ዝም አሉ?»

«እርስዎ አፍዎን ሞልተው ጤነኛ ናት ሲሉ፣ እኔ በሰው ፊት ዋሹ ልበልዎ? አማቼ አይደሉም?»

ሰውየው አውቀውም እጮኝነቱን አላፈረሱም። እኔ የደበቅሁት ከሚያውቅ ሰው ኖሯል። አንዳችን እንዳንናቅ፣ አንዳችን እንዳናሳፍር ብለን፣ ሁለት ጨዋ ሰዎች አንዲት ልጅ ልንቀብር ነበር።

መድኃኒቱ አንዴ ገብቷልና ትንፋሿ ሲረጋ ፎቶውን አነሷት። ነጩ መስመር ወርዶ ወርዶ፣ ታች ላይ የማሽላ ፍሬ የምታህል ጠጠር ጋ ሲደርስ ይቆማል። «ቆላ ነው፣ ላብ ነው፤ ውሃ ትጠጣ» አሉን። ጠጣች፤ ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ወጣላት። ባለሙያው ሲያሰናብተን አልተቆጣኝም። «አስም አለባት ቢሉኝ ሌላ ዘዴ እንፈልግ ነበር፤ ባይገኝም ተዘጋጅተን እንወጋት ነበር። እኔ የምጠይቀው ለወሬ አይደለም፣ አባት» አለኝ። አለመቆጣቱ ከቁጣ የባሰ ነበር። በቀይ ብዕር አንድ ወረቀት ጻፈልኝ። ራሴ ማንበብ እንድችል በአማርኛ እንዲያደርገው ለመንሁት።

ሠርጉ በዓመቱ ጥር ላይ ሆነ። ደንቡን ታውቁታላችሁ፤ የጥሎሹ ቀሚስ፣ ጥልፉ፣ አልቦው አንድ በአንድ እየተነሣ ለዳሱ ሰው ይታያል። ከዚያ የልጅቷ አባት ተነሥቶ ይመርቃል። ተነሣሁና ያችን ወረቀት ከኪሴ አወጣሁ። በሦስተኛ ክፍል ንባቤ፣ ፊደል በፊደል፣ አነበብኋት። «ይህች ሴት አስም አለባት። ለራጅ የሚወጋው አዮዲን ያለበት መድኃኒት ዳግመኛ እንዳይሰጣት።» ወረቀቷን ለሙሽራው ሰጠሁትና «እስካሁን ይህን የምታውቀው የእኔ ቤት ነበረች፤ ከዛሬ ጀምሮ ያንተም ቤት ትወቀው» ብዬ ተቀመጥሁ።

«ሰው ልጁን ሲድር ይመርቃል፤ ይሄ ሰውዬ ማስጠንቀቂያ ያነባል» አሉ አንዲት ባልቴት።

ያኔ አያ ሙላት ተነሡ። «እንግዲያማ እኛም አንድ አለችን» አሉ። «የልጄ የግራ ጆሮ አይሰማም። የምታናግሩት በቀኙ በኩል ይሁን።»

ዳሱ በሳቅ ተናጋ። እኔ አልሳቅሁም። ልጁ ሁለት ዓመት ሙሉ ቤቴ ሲመላለስ፣ ተናግሬው ዝም ባለኝ ቁጥር፣ እንደ እኔ ጨዋ ነው እያልሁ ስመሰክርለት ነበር የኖርሁ።

በመልሱ ቀን ትርንጎን ለብቻዋ ጠራኋት። «የጆሮውን ነገር ታውቂ ኖሯል?» አልኋት።

«ገበያ ላይ በግራው ቆሜ ሰላም ብዬው ሳይዞር ከቀረ ጊዜ ጀምሮ አውቃለሁ።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?»

«መቼ ጠየቁኝ፣ አባባ?»

ዓይኔን ጠበብ ላደርግ አልሁና ተውሁት። እውነቷን ነው። ራጅ ክፍሉ በር ላይም የተጠየቅሁት እኔ ነበርሁ፤ የተወጋችው እሷ።